የአውቶሞቢል የፊት መብራት በአዲስ አበባ ምዕራብ፤ ታሪኩ፣ ብልሽቱና ጥገናው

1. የጥናቱ ሐሳብና ስፍራው

አውቶሞቢል ወደ ኢትዮጵያ ስለ ገባበት ዘመን ብዙ ተጽፏል። ማን እንዳመጣው፣ ቤተ መንግሥቱ እንዴት እንደ ተቀበለው፣ መንገድ እንዴት እንደ ተጠረገለት ከልዩ ልዩ መጻሕፍት ማግኘት ይቻላል። ነገር ግን መኪና ቀን ብቻ የሚሄድ ዕቃ አይደለም። ፀሐይ ከጠለቀች በኋላ ነጂው የሚያየው የፊት መብራቱ ያሳየውን ያህል ብቻ ስለ ሆነ፣ የመብራቱ ታሪክ የመንገዱ ታሪክ ግማሽ ነው ቢባል ማጋነን አይሆንም። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ይህን የተዘነጋ ግማሽ በአጭሩ መመርመር ነው።

ለምርመራው የተመረጠው ስፍራ ኮልፌ ቀራንዮና አካባቢው ሲሆን ምክንያቱ ሁለት ነው። አንደኛ፣ ከዋናው ከተማ ወደ ምዕራብ የሚወጡት ሁለቱ ታላላቅ መንገዶች የሚነሡት በዚህ ወገን ነው። የጅማው መንገድ በጦር ኃይሎችና በአየር ጤና በኩል ወደ ዓለም ገናና ወደ ሰበታ ሲሄድ፣ የአምቦው መንገድ በዊንጌትና በአስኮ አድርጎ ወደ ቡራዩና ወደ ሆለታ ይወጣል፤ ሁለቱን የሚያገናኘው የቀለበት መንገድም በ18 ማዞሪያ ያልፋል። ሁለተኛ፣ ሰፈሩ የመርካቶ ጎረቤት ነው። በመርካቶ ደግሞ የመኪና መለዋወጫ የሚሸጥበት ሶማሌ ተራ አለ። ስለዚህ በምዕራብ መንገድ የጠፋ መብራት፣ ዕቃው ከሶማሌ ተራ ተገዝቶ፣ በኮልፌ ጋራዥ ተመልሶ ሲበራ ማየት የተለመደ ነው።

የአዲስ አበባ ምሽት በድንገት የሚወርድ ነው። ከተማው ለምድር ወገብ ቅርብ በመሆኑ ዓመቱን ሙሉ ከምሽቱ አንድ ሰዓት ሳይሞላ ይጨልማል፤ በዚህም ሰዓት ሠራተኛውና ተማሪው ወደየቤቱ በእግሩ ይሄዳል፣ ጭነት ያራገፉ አህዮችም ወደየመጡበት ይመለሳሉ። በከተማችን በትራፊክ አደጋ ከሚሞቱት ሰዎች አብዛኞቹ እግረኞች ናቸው። እንግዲህ የፊት መብራት ነገር የባለ መኪናው ጉዳይ ብቻ ሳይሆን፣ መኪና የሌለው ሰው ጉዳይም ነው።

ከዚህ በታች ለማሳየት የምንሞክረው ነገር አንድ ነው። ይኸውም፣ ባለፉት ከመቶ በላይ ዓመታት መብራት በእውነት የተሻሻለው ብርታቱ ስለ ተጨመረ ብቻ ሳይሆን፣ ኤሌክትሪኩ ሳይባክን እንዲደርሰው ስለ ተደረገና ጨረሩ በትክክለኛው ስፍራ እንዲያርፍ ስለ ቀና ነው። ይህንንም የሚያውቀው ጠጋኙ ነው።

2. የካርባይድ ዘመን

ወደ አዲስ አበባ መጀመሪያ የገባው አውቶሞቢል በ1900 ዓ.ም. ቤንትሊ የተባለ እንግሊዛዊ ለዳግማዊ ምኒልክ ያመጣው ሲድሊ የተባለው መኪና ነው። ከእርሱም ጥቂት ዘግይቶ አርኖልድ ሆልትስ የተባለ ጀርመናዊ ሌላ መኪና ይዞ ደረሰ። በዚያው ዘመን፣ በኋላ ነጋድራስ የተባሉት ተሰማ እሸቴ ወደ ጀርመን አገር ተልከው መኪና መንዳትንና መጠገንን ተምረው ተመለሱ። ሕዝቡ እኒህን ሰው የሚያስታውሳቸው በግጥማቸውና በዚያው በጀርመን በሸክላ በተቀረጸው ዘፈናቸው ነው። ለታሪክ ተማሪ ግን ከዘፈኑ የማያንስ ሌላ ቁም ነገር አለ። እርሱም በአገራችን የጥገናው ሙያ ከመኪናው ጋር በአንድ ዘመን መጀመሩና ለውጭ አገር ሰው ብቻ የተተወ አለመሆኑ ነው።

በዚያ ጊዜ በዓለም ላይ የነበሩት አብዛኞቹ መኪናዎች ሌሊት የሚያበሩት በአሲቲሊን ጋዝ ነበረ። የአሠራሩም ዘዴ እንዲህ ነው። ዛሬም በየብየዳ ቤቱ የሚታወቀው ካርባይድ በታችኛው ዕቃ ይቀመጣል፤ ከላይኛው ዕቃ ውሃ በጠብታ ይወርድበታል፤ ውሃውና ካርባይዱ ሲገናኙ ጋዝ ይወጣል፤ ጋዙም በጎማ ቱቦ አልፎ በመብራቱ ውስጥ ካለች ጠባብ ቀዳዳ ሲደርስ ነጂው ወርዶ በክብሪት ይለኩሰዋል። ከነበልባሉ ኋላ ያለው መስታወት ብርሃኑን ወደ ፊት ይወረውረዋል።

ብልሽቱም የዚያኑ ያህል ግልጽ ነበረ። ውሃው ከበዛ ጋዙ ይተርፋል፣ ካነሰ ነበልባሉ ይሞታል። ጠባቧ ቀዳዳ በጥላሸት ትደፈናለች፤ መድኃኒቷም በቀጭን ሽቦ መጥረግ ነው። ካርባይዱ ሠርቶ ሲያልቅ ነጭ የኖራ ጭቃ ትቶ ስለሚሄድ ዕቃው በየጊዜው መታጠብ አለበት። ይህ ሁሉ አድካሚ ቢሆንም አንድ መልካም ጠባይ ነበረው፤ ነጂው የመብራቱን ሥራ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ በዐይኑ አይቶ በእጁ ማዳን ይችል ነበር።

እ.ኤ.አ. በ1912 የአሜሪካው ካዲላክ ሞተር ማስነሻንና መብራትን በአንድነት በኤሌክትሪክ የሚያሠራ መኪና አወጣ። ከዚያ ወዲህ ባትሪና ዲናሞ በመኪና ሁሉ እየተለመዱ ሄዱ፤ የካርባይዱም ፋኖስ ቀረ። ነገር ግን ኤሌክትሪኩ አዲስ ችግር ይዞ መጣ። በካርባይድ ጊዜ ብልሽቱ በመብራቱ ውስጥ ነበረ፤ በኤሌክትሪክ ጊዜ ግን መብራቱ ጤነኛ ሆኖ ሳለ በሽታው ርቆ በሽቦ፣ በማብሪያ፣ በባትሪ ወይም በዲናሞ ሊገኝ ይችላል። በተለይም የጥንቱ ዲናሞ ሞተሩ በዝግታ ሲዞር የሚያመነጨው ኀይል ጥቂት ስለ ሆነ፣ ነጂው በቀስታ ሲሄድ ወይም ሲቆም መብራቱ ይደክም ነበር።

3. የጋራዥ ቋንቋ

ጣሊያን አገራችንን በወረረበት ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. ባለው ጊዜ ለጦር ሠራዊቱ ብዙ የጭነት መኪና አስገባ፤ ለእነርሱም መንገድ ሠራ፤ የአገሬውንም ገበያ ከአራዳ አንሥቶ ዛሬ መርካቶ ወደሚባለው ስፍራ አዛወረ። «ትሬንታ ኳትሮ» የተባለው ፊያት 634 የዚያ ዘመን ትዝታ ነው። ከነጻነት በኋላ በ1943 ዓ.ም. የአውራ ጎዳና መሥሪያ ቤት ተቋቁሞ መንገዱ ሲታደስና ሲራዘም፣ «ኤንትሬ» የተባለው ሌላው የፊያት ጭነት መኪና በአገሪቱ መንገድ ሁሉ ታወቀ።

ከመኪናዎቹ ጋር ቃሎቻቸው ቀሩ። የሞተሩ ክዳን ኮፋኖ፣ የጭቃ መከላከያው ፓራፋንጎ፣ የጎኑ መስታወት ስፖኪዮ፣ የማዞሪያው ምልክት መብራት ፍሬቻ፣ የሞተር ማስነሻው ሞተሪኖ ይባላል። ዛሬ በውስጡ ያለው መሣሪያ አልተርኔተር ቢሆንም በኮልፌ ጋራዥ ስሙ አሁንም ዲናሞ ነው። ኤሌክትሪኩ ከመኪናው አካል ጋር የሚገናኝበት ሽቦም በጣሊያንኛው ቃል ማሳ ይባላል።

እዚህ ላይ አንድ የሚያስደንቅ ነገር አለ። በዙሪያው ያለው ዕቃ ሁሉ የጣሊያን ስም ሲይዝ፣ ዋናው መብራት ራሱ «የፊት መብራት» ተብሎ በአማርኛ ቀረ። ሁለቱ አሠራሮቹም «ረጅም» እና «አጭር» ተባሉ። ይህ አጠራር ከውጭው ስም ይልቅ ሥራውን በትክክል ይገልጻል። ረጅሙ መብራት መንገድ ባዶ ሲሆን ሩቅ ለማየት፣ አጭሩ ደግሞ ሌላ ሰው ሲመጣ ብርሃንን ለመሰብሰብ ነው። ስለዚህ በአማርኛው ስም ውስጥ የጨዋነት ሕግ አለ ማለት ይቻላል፤ ሰው ሲመጣ ማሳጠር።

በቴክኒክ በኩል ይህን ያስቻለው እ.ኤ.አ. በ1920ዎቹ የጀርመኑ ኦስራም ቢሉክስ ብሎ ያወጣው አምፖል ነው። በአንድ አምፖል ውስጥ ሁለት የሚነድዱ ክሮች ስላሉ ነጂው ከመቀመጫው ሳይነሣ ከረጅም ወደ አጭር ለመለወጥ ቻለ።

4. ክቡ መብራትና የ6 ቮልት ነገር

በ1950ዎቹና በ1960ዎቹ የአዲስ አበባ ሰው በሚገባ ከሚያውቃቸው ትናንሽ መኪናዎች አንዱ ቮልስዋገን ነው። የዚህ መኪና ኤሌክትሪክ እ.ኤ.አ. እስከ 1966 ድረስ በመደበኛው ሞዴል 6 ቮልት ነበረ። አሮጌ ቮልስ የያዘ ሰው ሁሉ በመብራቱ መድከም ያማርራል። ምክንያቱን በአኀዝ ማየት ይጠቅማል።

አንድ የ45 ዋት አምፖል በ6 ቮልት ሲሠራ 7.5 አምፔር ያህል ይስባል፤ በ12 ቮልት ሲሠራ ግን ግማሹን፣ 3.75 አምፔር ብቻ ይስባል። በሽቦውና በማብሪያው ያለው እንቅፋት በሁለቱም አንድ አስረኛ ኦም ነው ብንል፣ በ6 ቮልቱ መኪና 0.75 ቮልት፣ ማለት ከጠቅላላው ከመቶ 12 ከግማሽ ያህሉ በመንገድ ይቀራል፤ በ12 ቮልቱ ግን ከመቶ 3 ያህል ብቻ ነው። የአምፖል ብርሃን ደግሞ ከቮልቱ ይልቅ በጣም ፈጥኖ ይወርዳል፤ ቮልቱ በአንድ አስረኛ ቢጎድል ብርሃኑ በአንድ ሦስተኛ ገደማ ይቀንሳል። ስለዚህ የድሮ ቮልስ በሽታ የአምፖል ማነስ ሳይሆን የሽቦ መብላት ነበረ ማለት ነው። ይህን ያወቀ ጠጋኝ አምፖል ከመግዛቱ በፊት የሽቦውን መገናኛ ያጸዳል፤ ያላወቀው ግን የሚበልጥ ዋት ያለው አምፖል ይጨምራል፤ በዚህም የሚስበው አምፔር ስለሚበዛ በሽቦ ላይ የሚባክነው ይብሳል፣ ማብሪያውም ይቃጠላል።

በዚሁ ዘመን ለጥገናው ሥራ ታላቅ ጥቅም ያመጣ ሌላ ነገር ነበረ፤ እርሱም የመብራቱ መጠን አንድ መሆን ነው። አሜሪካ እ.ኤ.አ. በ1940 በመኪናዎች ሁሉ ላይ የግድ ያደረገችው 7 ኢንች ስፋት ያለው ክብ መብራት በጂፕ፣ በላንድሮቨርና በላንድክሩዘር ላይ ይገጠም ነበር። ይህ ማለት ከአንዱ የተፈታ ለሌላው ይሆናል ማለት ነው። ከ1967 ዓ.ም. በኋላ የውጭ ምንዛሪና የመለዋወጫ እጥረት በበረታ ጊዜ፣ ከአንዱ መኪና አውጥቶ በሌላው ማሠራት ለጠጋኙ ዋና ዘዴ ነበረ፤ የክቡም መብራት አንድነት ለዚህ ተመቸ።

5. ሰኔ 1 ቀን 1956 ዓ.ም.

የኢትዮጵያ መኪናዎች እስከ ግንቦት 1956 ዓ.ም. መጨረሻ በመንገድ ግራ ይሄዱ ነበር። ሰኔ 1 ቀን 1956 ዓ.ም. ግን መንገዱ ወደ ቀኝ ተለወጠ። ስለዚህ ለውጥ ሲነገር ብዙ ጊዜ የሚነሣው የነጂዎች ልምድ ነው፤ የመብራቱ ነገር ግን ከዚያ የሚያንስ አይደለም።

እ.ኤ.አ. ከ1957 ጀምሮ በአውሮፓ የተለመደው አጭር መብራት ሁለቱ ጎኖቹ እኩል አይደሉም። በሚመጣው መኪና በኩል ጨረሩ ዝቅ ብሎ ይቆረጣል፤ እግረኛ በሚሄድበት በመንገዱ ዳር በኩል ግን 15 ዲግሪ ያህል ወደ ላይ ይነሣል። በግራ ለሚነዳ አገር የተሠራው ወደ ግራ፣ በቀኝ ለሚነዳ አገር የተሠራው ወደ ቀኝ ይነሣል። እንግዲህ ለግራ መንገድ የተሠራ መብራት የያዘ መኪና በቀኝ ሲሄድ ጥፋቱ እጥፍ ነው፤ ከፍ ያለው ጨረር ከፊት በሚመጣው ነጂ ዐይን ውስጥ ይገባል፣ እግረኛው የሚሄድበት የቀኝ ዳር ደግሞ በጨለማ ይቀራል። መድኃኒቱም መብራቱን መለወጥ፣ ወይም ለጊዜው ከፍ የሚለውን የመስታወት ክፍል በጥቁር ነገር መሸፈን ነው።

የስዊድን ታሪክ ይህን ያጎላዋል። ስዊድን እ.ኤ.አ. በመስከረም 1967፣ ማለት ከእኛ ሦስት ዓመት ዘግይታ፣ ከግራ ወደ ቀኝ ስትዛወር የመኪናዎቹን የፊት መብራት መለወጥ ግድ ሆነ። ያን ጊዜ መብራቱ ክብና አንድ መጠን ያለው ስለ ነበረ ወጪው ሊቻል የሚችል ነበር፤ በየመኪናው ቅርጽ የሚሠራ መብራት ከተስፋፋ በኋላ ቢሆን ኖሮ ግን ሥራው እጅግ በከበደ ነበር።

ይህ ነገር ያለፈ ታሪክ ብቻ አይደለም። በግራ ለሚነዳ አገር የተሠራ መኪና መሪው ከቀኝ ወደ ግራ ተዛውሮ ሲገባ፣ ወይም ከእንዲህ ያለ መኪና የተፈታ መብራት በመለዋወጫ ገበያ ሲሸጥ፣ የ1956ቱ ጥያቄ እንደገና ይነሣል። መፈተኛው ቀላል ነው። መኪናው ሌሊት በግድግዳ ፊት ቆሞ አጭሩ መብራት ይበራል፤ ከፍ የሚለው የብርሃን ጠርዝ በቀኝ በኩል ከታየ መብራቱ ለአገራችን የሚሆን ነው፤ በግራ ከታየ ግን ምንም አዲስ ቢሆን መገጠም የለበትም።

6. ሃሎጅንና የምርመራው ሥርዓት

እ.ኤ.አ. በ1971 አካባቢ የወጣው ኤች 4 የተባለው የሃሎጅን አምፖል ዛሬም በጭነት መኪናና በአሮጌ አውቶሞቢል ላይ በብዛት ይገኛል። ለረጅሙ 60፣ ለአጭሩ 55 ዋት አለው። በውስጡ ከአጭሩ ክር ሥር እንደ ማንኪያ የጎደጎደች ትንሽ ብረት አለች። እርስዋ ወደ ታች የሚሄደውን ብርሃን ስለምትከለክል፣ ብርሃኑ በላይኛው የመስታወት ግማሽ ብቻ መትቶ ወደ መንገድ ይወርዳል። ከላይ የተናገርነው የብርሃን ጠርዝ የሚሠራው በዚህች ብረት ጠርዝ ነው። ስለዚህ አምፖሉ በመኖሪያው ውስጥ ጥቂት ቢያዘነብል ጨረሩ በሙሉ ይበላሻል።

በመኪና ኤሌክትሪክ ሥራ የበሰለ ሰው መብራት ሲበላሽ በዘፈቀደ አይፈታም፤ ከምልክቱ ተነሥቶ ወደ ምክንያቱ ይሄዳል። ሥርዓቱን በቅደም ተከተል ብንጽፈው የሚከተለውን ይመስላል።

አንደኛው ጎን ብቻ ሲጠፋ የሚጠረጠረው አምፖሉና ሶኬቱ ነው። ሁለቱም ጎኖች በአንድ ጊዜ ሲጠፉ ግን ሁለት አምፖል በአንድ ሌሊት መሞቱ አልፎ አልፎ የሚሆን ነገር ስለ ሆነ፣ ምርመራው ወደ ፊውዝ፣ ወደ ሪሌይና ወደ ማብሪያው ይዛወራል። አጭሩ ጠፍቶ ረጅሙ የሚበራ ከሆነ የአምፖሉ አንድ ክር ተበጥሷል ወይም መለወጫው ተበላሽቷል።

መብራቱ ሳይጠፋ ሲደክም ግን ነገሩ ረቂቅ ነው። አንደኛው ጎን ብቻ ከደከመ የመጀመሪያው ተጠርጣሪ ማሳው ነው። በክረምት በኮልፌ ጭቃ የሚመላለስ መኪና ማሳው የታሰረበት ቡሎን ይዝጋል፤ ኤሌክትሪኩ መመለሻ ሲያጣ በፍሬቻው ክር በኩል መንገድ ይፈልጋል። ፍሬቻ ሲበራ የፊት መብራቱም አብሮ የሚርገበገበው ብዙ ጊዜ ከዚህ የተነሣ ነው። ብረቱን በብርጭቆ ወረቀት ፍቆ እንደገና ማሰር ብቻውን መብራቱን ያድናል። ሁለቱም ጎኖች ሞተሩ ሲፈጥን ደምቀው ሲቀንስ የሚደክሙ ከሆነ ጥፋቱ በዲናሞው፣ በቀበቶው ወይም በባትሪው ነው። አምፖል ቶሎ ቶሎ የሚቃጠል ከሆነ ደግሞ የዲናሞው መቆጣጠሪያ ከልክ ያለፈ ቮልት እየላከ እንደ ሆነ መለካት ያስፈልጋል፤ ቮልት ከመጠን በጥቂቱ እንኳ ሲበልጥ የአምፖሉ ዕድሜ እጅግ ያጥራልና።

አምፖል በሚለወጥበት ጊዜ የሃሎጅኑን ብርጭቆ በባዶ እጅ መንካት ክልክል ነው። የጣት ቅባት በጋለው ብርጭቆ ላይ ተቃጥሎ አንዱን ስፍራ ከሌላው ይልቅ ስለሚያግለው አምፖሉ ሳይቆይ ይሞታል። ይህ ትንሽ ነገር ይመስላል፤ ነገር ግን ጥሩ አምፖል «መናኛ ነው» ተብሎ የሚታማው ብዙ ጊዜ በዚህ ምክንያት ነው።

በመጨረሻም የሽፋኑ ነገር አለ። የዛሬ መብራት ሽፋኑ ፕላስቲክ ነው። ከተማችን ከባሕር ወለል ከ2300 ሜትር በላይ ስለ ሆነች የፀሐዩ ጨረር ብርቱ ነው፤ ፕላስቲኩም በጊዜ ብዛት ቢጫ ይሆናል፣ ይደበዝዛልም። በደቃቅ የብርጭቆ ወረቀትና በጥርስ ሳሙና አሽቶ ማጥራት በየሰፈሩ የተለመደ ሙያ ነው። ሥራው ወዲያው ያስደስታል፤ ነገር ግን ከፋብሪካ የተቀባው መከላከያ አብሮ ስለሚፋቅ ሌላ መከላከያ ካልተቀባ ደብዛዛነቱ ተመልሶ ይመጣል።

7. ማሻሻል ምን ማለት ነው?

ባለፉት ዓመታት በከተማችን የተስፋፋው ማሻሻያ የሃሎጅኑን አምፖል አውጥቶ በስፍራው የዜኖን ወይም የኤልኢዲ አምፖል መትከል ነው። ብርሃኑ ነጭና ብርቱ ስለ ሆነ ባለ መኪናው ይደሰታል። ነገር ግን መስታወቱ የተሠራው ለሃሎጅኑ ክር መጠንና አቀማመጥ ነው። ብርሃን የሚወጣበት ነጥብ ሲለወጥ መስታወቱ ብርሃኑን ወዳልታሰበበት ይበትነዋል፤ የብርሃኑም ጠርዝ ይጠፋል። በመኪናው ፊት ቅርብ ያለው አስፋልት እጅግ ስለሚነጣ የነጂው ዐይን ለእርሱ ይለምዳል፣ ሩቅ ያለው ጨለማ ግን ይብስበታል። ከፊት የሚመጣው ሰው ደግሞ ጭራሽ አያይም። «ከመጠምጠም መማር ይቅደም» የሚለው ምሳሌ ለዚህ ይስማማል።

የማቅናትን ዋጋ ለማየት ጥቂት ስሌት ይበቃል። መብራቱ ከመሬት 70 ሳንቲ ሜትር ከፍ ብሎ የተተከለ መኪና ከግድግዳ 10 ሜትር ርቆ ይቁም። የአጭሩ መብራት ጠርዝ በግድግዳው ላይ 60 ሳንቲ ሜትር ላይ ካረፈ ጨረሩ ከመቶ አንድ ያዘቀዝቃል፤ መንገዱንም የሚነካው በ70 ሜትር ላይ ነው። በሰዓት 60 ኪሎ ሜትር የሚሄድ ነጂ አደጋ አይቶ ፍሬን እስኪረግጥ በአንድ ሰከንድ ተኩል 25 ሜትር ያህል ይሄዳል፤ በደረቅ አስፋልት እስኪቆም ደግሞ 23 ሜትር ያህል ይጨምራል፤ በድምሩ 48 ሜትር ነው። ስለዚህ በ70 ሜትሩ ብርሃን ውስጥ ይቆማል። በ80 ኪሎ ሜትር ፍጥነት ግን 74 ሜትር ያስፈልገዋልና መብራቱ ደኅና ሆኖ ሳለ እንኳ አይደርስለትም። ጠርዙ በግድግዳው ላይ 50 ሳንቲ ሜትር ላይ ቢወርድ ብርሃኑ በ35 ሜትር ያልቃል፤ በዚያን ጊዜ በ60 ኪሎ ሜትር የሚሄደውም አያመልጥም። አሥር ሳንቲ ሜትር በግድግዳ ላይ፣ በመንገድ ላይ የሰው ሕይወት ነው።

የጭነትም ነገር እንዲሁ ነው። የፊትና የኋላ ጎማው በ2.5 ሜትር የተራራቀ መኪና በጭነት ምክንያት ኋላው 5 ሳንቲ ሜትር ቢወርድ፣ ፊቱ ከመቶ ሁለት ያህል ይነሣል። ከመቶ አንድ ያዘቀዝቅ የነበረው ጨረር ከመቶ አንድ ወደ ላይ ይወጣል ማለት ነው። በ50 ሜትር ላይ ጠርዙ 120 ሳንቲ ሜትር ይደርሳል፤ ይህም በትንሽ መኪና ለተቀመጠ ነጂ የዐይን ከፍታ ነው። ሌሊት በአምቦ መንገድ ጭነት ከያዘ መኪና ጋር የሚገናኝ ነጂ «ረጅም መብራት አብርቶብኛል» ብሎ የሚማረረው አንዳንድ ጊዜ አጭር መብራት ላበራ ሰው ነው።

ከዚህ የምንረዳው እውነተኛው ማሻሻያ በቅደም ተከተል የሚሄድ መሆኑን ነው። በመጀመሪያ ማሳውንና መገናኛውን ማጽዳት፤ ሁለተኛ፣ ሽፋኑን ማጥራት ወይም መለወጥ፤ ሦስተኛ፣ ሁለቱን የፊት መብራቶች የሚሸከመው 9 አምፔር ገደማ በአሮጌው ማብሪያ ውስጥ እንዳያልፍ ሪሌይና ወፍራም ሽቦ መግጠም፤ አራተኛ፣ ልኩን የጠበቀ አምፖል በጥንድ መለወጥ፤ በመጨረሻም በግድግዳ ፊት አቁሞ ማቅናት። ይህን ሁሉ ያደረገ ሰው ብዙ ጊዜ ሌላ አምፖል አያስፈልገውም። ከዚህ የሚበልጥ ብርሃን የሚሻ ግን አምፖሉን ብቻ ሳይሆን ለአምፖሉ የተሠራውን መብራት በሙሉ መለወጥ ይገባዋል።

8. ማጠቃለያ

ከላይ እንደ ተመለከትነው በካርባይዱ ጊዜ ነጂው ራሱ ጠጋኝ ነበረ። በክቡ መብራት ጊዜ ሙያው ወደ ጋራዥ ገባ፤ ዕቃው አንድ መጠን ስለ ነበረው ግን በማንኛውም ሰፈር ይጠገን ነበር። አሁን ሦስተኛው ዘመን ገብቷል። በ2016 ዓ.ም. መንግሥት በነዳጅ የሚሠሩ አውቶሞቢሎች ወደ አገር እንዳይገቡ ከወሰነ ወዲህ በኤሌክትሪክ የሚሠሩት በዝተዋል። የብዙዎቹ መብራት ኤልኢዲ ሆኖ በአንድነት የታሸገ ነው፤ ለብቻው የሚለወጥ አምፖል የለውም፤ በአንዳንዶቹም ጨረሩ የሚቀናው በኮምፒውተር ነው። መብራቱ ራሱ ከቀድሞው ሁሉ የተሻለ ነው። ነገር ግን በትንሽ ግጭት የተሰነጠቀ መብራት በሙሉ ሊጣል ነው፤ በማሳና በግድግዳ የተማረውም ጠጋኝ እጁ ሊታሰር ነው።

ስለዚህ ሦስት ነገር መታሰብ ይገባዋል። አንደኛ፣ መኪና በየዓመቱ ለቦሎ ሲመረመር መብራቱ መብራቱ ብቻ ሳይሆን መቅናቱም በጥብቅ ይታይ። ለቦታው ያልተሠራ አምፖል የገጠመ መኪና ብርሃኑ ስለ በረታ ብቻ ማለፍ የለበትም። ሁለተኛ፣ የቴክኒክ ትምህርት ቤቶች አዲሱን የታሸገ መብራት ከፍቶ መጠገንና በኮምፒውተር ማቅናትን ያስተምሩ፤ የቀድሞው ሙያተኛም ተማሪ ሆኖ የሚገባበት በር ይከፈትለት። ሦስተኛ፣ የታሪክና የቋንቋ ተማሪዎች የጋራዡን ቃልና ዘዴ ከአረጋውያኑ ባለ ሙያዎች አፍ ጊዜው ሳያልፍ ይሰብስቡ።

የፊት መብራት ለሁለት ሰው የሚሠራ ዕቃ ነው፤ ለሚያየውና ለሚታየው። ከጦር ኃይሎች እስከ አየር ጤና በመንገድ ዳር በእግሩ የሚሄደው ሰው አምፖል አይገዛም፣ ጋራዥም አይገባም። የእርሱ ደኅንነት የተመሠረተው በማያውቀው ነጂ መብራት አቀናን ላይ ነው። የአገራችንም ቋንቋ ይህን አስቀድሞ አውቆ «አጭር» የሚለውን ስም ሰጥቶታል፤ የቀረው ስሙን በሥራ መጠበቅ ነው።